የቾክዌ ጭምብል፣ የሉንዳ አልማዝ

ዱንዶ በሰሜን ምሥራቅ አንጎላ፣ ለዴሞክራቲክ ኮንጎ ድንበር ቅርብ በሆነ ቦታ የምትገኝ ከተማ ናት። የቆረቆራት ዲያማንግ የሚባል የአልማዝ ኩባንያ ነው። በ1917 (ዓመቶቹና ወሮቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) የተመሠረተው ይህ ኩባንያ በፖርቱጋል ቅኝ ግዛት ዘመን ሉንዳ የሚባለውን ሰፊ አገር እንደ ግል ርስቱ ይገዛ ነበር። የራሱ ሆስፒታል፣ የራሱ መንገድ፣ የራሱ ጥበቃ ነበረው። በ1936 ደግሞ የራሱን ሙዚየም ከፈተ። ከየመንደሩ ጭምብልና ቅርጻ ቅርጽ ሰበሰበ፤ ጠራቢዎች ቀጠረ፤ በ1950ዎቹ የድምፅ መቅጃ የያዙ ሠራተኞችን አሰማርቶ የገጠሩን ዘፈን አስቀዳ። የሙዚየሙ ኃላፊ የነበረው ዦዜ ሬዲንያ፣ የአገሬው ሰዎች ቾክዌዎች በቤታቸው የጭቃ ግድግዳ ላይ የሚሥሉትን ሥዕል እየገለበጠ በ1953 በመጽሐፍ አሳተመ። ግድግዳዎቹን ዝናብ ካጠባቸው፣ ቤቶቹም ከፈረሱ ዘመናት አልፈዋል፤ ሥዕሎቹ ግን በመጽሐፉ ውስጥ አሉ።

ይኸው ኩባንያ በዚያው ዘመን ወንዶችን በቅኝ አስተዳዳሪዎች በኩል በግዴታ እየመለመለ ለቁፋሮ ይወስድ ነበር። ጭምብል የሚጠርበውም፣ ከበሮ የሚመታውም አካፋ ይዞ ጉድጓድ ይገባል። መንደሩ ሲራቆት ሙዚየሙ ይሞላል። አንዱ እጅ የሚያጠፋውን ሌላው እጅ እየመዘገበ ማስቀመጡ በዚያን ጊዜ እንደ በጎ አድራጎት ይቆጠር ነበር፤ እስከ ዛሬም እንዲያ የሚያስቡ አሉ። ለሙዚየሙ ምስጋና አልነፍገውም፤ ባይኖር ኖሮ ብዙ ነገር ያለ ምልክት ይጠፋ ነበር። ነገር ግን ስለ ቾክዌ ባህል መጠበቅ ዛሬ በተነሣ ቁጥር ጥፋቱ «ዘመናዊ ኑሮ» በሚባል ስም በሌለው ኃይል ላይ ሲላከክ እሰማለሁ፤ እዚህ ላይ አልስማማም። አዲስ ነገርንማ ቾክዌ ከጥንትም ያውቅበታል። ባህሉን ያጎሳቆለው በጊዜውና በመሬቱ ላይ የሚያዘው ሌላ መሆኑ ነው።

ቾክዌ ዛሬ በሦስት አገሮች ተከፋፍሎ ይኖራል፦ በአንጎላ በሁለቱ የሉንዳ ክፍለ አገሮችና በሞሺኮ፣ በደቡባዊ ኮንጎ፣ በሰሜን ምዕራብ ዛምቢያ። ትውልዱን የሚቆጥረው ከሉንዳ ቤተ መንግሥት ነው። አፈ ታሪኩ እንደሚለው ቺቢንዳ ኢሉንጋ የሚባል ከሉባ ምድር የመጣ አዳኝ መስፍን የሉንዳን ንግሥት ሉዌጂን አገባ፤ በጋብቻው ቅር የተሰኙት ዘመዶቿ ግዛቱን ጥለው ወደ ምዕራብና ወደ ደቡብ ሄዱ፤ ከነዚያ ስደተኞች ዘር ቾክዌ ተገኘ። የሚገርመው ስደተኞቹ ያስኮረፋቸውን ሰው ጀግናቸው አድርገው መቅረጻቸው ነው። ቺቢንዳ ኢሉንጋን የሚያሳዩት የእንጨት ምስሎች፣ ሰፊ እጅና እግር፣ ትልቅ የተጠማዘዘ የራስ ጌጥ፣ በአንድ እጅ በትር በሌላው ቀንድ የያዙት፣ ከአፍሪካ ቅርጻ ቅርጽ ሁሉ ቀዳሚዎቹ ተርታ ይመደባሉ። አንዱ በቴክሳስ ፎርት ዎርዝ በኪምቤል ሙዚየም፣ ሌላው በበርሊን፣ ሌላውም በፖርቶ ዩኒቨርሲቲ ይገኛል።

አዲስ ነገር ያውቅበታል ያልኩት ያለ ምክንያት አይደለም። የቾክዌ አለቆች የሚቀመጡበትን ወንበር ያየ ሰው ቅርጹ የአውሮፓ መሆኑን ወዲያው ያውቃል፤ መደገፊያ አለው፣ እግሮቹን የሚያያይዙ መስቀለኛ እንጨቶች አሉት፣ መቀመጫው በቆዳ የተወጠረ ነው። ፖርቱጋሎች ይዘውት የመጡትን ወንበር የቾክዌ ጠራቢ ተቀብሎ በየእንጨቱ ላይ የራሱን ዓለም አሰፈረበት፤ የግርዘት ሥርዓት፣ ከበሮ መቺ፣ ነጋዴ፣ ጭምብል ለባሽ። ምዋና ፕዎ በሚባለው የሴት ጭምብል ግንባር ላይ ያለውም መስቀል መሰል ምልክት፣ ቺንጌልየንጌልዬ፣ ፖርቱጋሎች ካመጡት የመስቀል ጌጥ እንደተወሰደ የቾክዌን ጥበብ ዕድሜዋን ሙሉ ያጠናችው ቤልጅጋዊት ማሪ ሉዊዝ ባስታን ጽፋለች። የባዕድ ጌጥ በሁለት በሦስት መቶ ዓመት ውስጥ የአያት ፊት ሆነ ማለት ነው። ይህንን ያደረገ ሕዝብ ስልክና ሞተር ብስክሌት ስላየ ባህሉ ይጠፋል ብሎ መስጋት እሱን አለማወቅ ይመስለኛል።

በ19ኛው መቶ ዘመን ደግሞ ቾክዌ የንግዱ ጌታ ሆኖ ነበር። ሰም፣ የዝሆን ጥርስ፣ በኋላም የጎማ ሙጫ እየሸጠ ጠመንጃ ይገዛል፤ በጠመንጃው ያድናል፤ እያደነም ይስፋፋል። በ1880ዎቹ አያቶቹ የወጡበትን የሉንዳን ዋና ከተማ ራሱን እስከመዝረፍ ደረሰ። ባሪያም ፈንግሏል፤ በተለይ ሴቶች ምርኮኞችን ወደ መንደሩ እያስገባ በቁጥር በዛ። ስለ ባህል ጥበቃ የሚጽፉ ሰዎች ይህችን ምዕራፍ በጥድፊያ ያልፏታል። እኔም ብዙ አልቆይባትም፤ ግን «ጥንታዊ» የሚባለው ሁሉ ንጹሕ እንዳልነበረ ሳንናገር ብናልፍ ነገሩ ተረት ይሆናል።

አሁን ወደ ሙካንዳ፣ ወንዶች ልጆች ወደሚገረዙበትና ወደሚማሩበት ሥርዓት፣ እንምጣ፤ የባህሉ ሁሉ ግንድ እሱ ነው። ልጆች ስምንት፣ ዘጠኝ፣ አሥር ዓመት ሲሆናቸው ከእናታቸው ተለይተው ከመንደር ውጭ ጫካ ውስጥ በሚሠራ ሰፈር ይከተታሉ። ይገረዛሉ፤ ቁስሉ እስኪሽር፣ ከዚያም በኋላ ለወራት፣ በድሮው ጊዜ ከዓመት በላይም፣ እዚያው ይቆያሉ። አደን፣ እንጨት ሥራ፣ ጭፈራ፣ የአባቶች ታሪክ፣ ለሴትና ለሽማግሌ የሚገባው አክብሮት የሚማረው በዚህ ጊዜ ነው። ጭምብል ለባሾቹ፣ ማኪሺ፣ የሙታን አባቶች መንፈስ ሆነው ይመጣሉ፤ ልጆቹን ይጠብቃሉ፣ ያስፈራራሉ፣ ያስተምራሉ። ሲያልቅ መንደሩ በጭፈራ ይቀበላቸዋል፤ ልጅ የነበረው ሰው ሆኖ ይገባል።

እንግዲህ ይህ ሁሉ ጊዜ ይፈልጋል። የዛምቢያው የማኪሺ ጭፈራ በ2005 በዩኔስኮ ከሰው ልጅ የቃልና የማይዳሰስ ቅርስ ድንቅ ሥራዎች አንዱ ተብሎ ታወጀ፤ ባለቤቶቹም ሉቫሌ፣ ቾክዌ፣ ሉቻዚና ምቡንዳ ናቸው። ዩኔስኮ ራሱ በመዝገቡ ላይ ያሰፈረው ሥጋት ግን ከክብሩ ይልቅ ቢነበብ ይሻላል፦ ሙካንዳ ከትምህርት ቤት የቀን መቁጠሪያ ጋር እንዲገጥም ወደ አንድ ወር እየተጨመቀ ነው፤ ማኪሺዎቹም በግብዣና በፓርቲ ስብሰባ ላይ እንዲጨፍሩ ይፈለጋሉ። የዓመት ትምህርት በትምህርት ቤት ዕረፍት ውስጥ ሲታሸግ ምኑ ይወጣል? ግርዘቱ ይቀራል፤ እሱንማ ክሊኒክም ይሠራዋል፣ ያውም በተሻለ ንጽሕና። ጭፈራው ይቀራል፤ እንግዳ የሚያየው እሱን ነውና። የሚወጣው በመሃል ያለው ነው፤ ልጁ ከሽማግሌ ጎን ተቀምጦ ያለ ችኮላ የሚሰማበት ረጅሙ፣ አሰልቺው፣ ፎቶ የማይነሳው ጊዜ።

በዚያ ረጅም ጊዜ ውስጥ ልጆች ከሚማሩት አንዱ ሶና ነው፤ ነጠላው ሉሶና ይባላል። አዋቂው መሬቱን ጠርጎ አሸዋውን በእጁ ያስተካክላል። በጣቶቹ ጫፍ እኩል የተራራቁ ነጥቦችን በረድፍ በረድፍ ይተክላል። ከዚያ በአንድ ጣት፣ ጣቱን ሳያነሳ፣ በነጥቦቹ መካከል እየተጠማዘዘ የሚሄድ መስመር ይሥላል፤ እየሣለም ተረት ያወራል። መስመሩ ዞሮ ከተነሣበት ሲገባ ተረቱም ያልቃል። ሥዕሉ ኤሊ፣ የዶሮ ፈለግ፣ የተሠራ ምንጣፍ፣ ወይም ሰው ወደ ፈጣሪ የሚሄድበት መንገድ ሊሆን ይችላል። በዚህ በመጨረሻው ተረት ፀሐይም ጨረቃም ሰውም ወደ ፈጣሪ ይሄዳሉ፤ ለሁሉም አውራ ዶሮ ይሰጣቸዋል፣ በማግሥቱ ተመለሱ ይባላሉ። ፀሐይ ዶሮው ሲጮህ ነቅታ በጠዋት ትደርሳለች፤ ስለዚህ በየቀኑ ትወጣለች። ጨረቃም ትመለሳለች፤ ስለዚህ በየወሩ ትታያለች። ሰው ግን ርቦት ዶሮውን ይበላዋል፤ የሚቀሰቅሰው አጥቶ ይተኛል፤ ስለዚህ ይሞታል።

ከተረቱ በታች ያለው ሒሳብ ነው። ሞዛምቢካዊው የሒሳብ ሊቅ ፓውሉስ ጌርደስ (ትውልዱ ሆላንዳዊ፣ በ2014 ያረፈ) ሶናን ለብዙ ዓመታት መርምሮ ያሳየው ነገር አለ። በምንጣፍ ዓይነቱ ንድፍ ሥዕሉን ለመጨረስ ስንት መስመር እንደሚያስፈልግ የሚወስነው የረድፎቹና የዓምዶቹ ቁጥር ትልቁ የጋራ አካፋይ ነው። ሦስት በአራት ነጥብ ቢተከል አካፋዩ 1 ነውና በአንድ ያልተቋረጠ መስመር ይጠናቀቃል። አራት በስድስት ቢሆን ሁለት መስመር ይጠይቃል፤ ሦስት በሦስት ቢሆን ሦስት። አክዋ ኩታ ሶና የሚባሉት የሶና ሊቃውንት ይህን ቀመር በፊደል አልጻፉትም፤ ግን የትኛው ነጥብ አተካከል በአንድ መስመር እንደሚያልቅ፣ ትንንሽ ንድፎችን አገጣጥሞ አንድ መስመር የሚያደርግ ትልቅ ንድፍ እንዴት እንደሚሠራ ጠንቅቀው ያውቁ ነበር። በሥዕሉ መሃል ጣቱን ያመነታ ሰው አላዋቂ ነው ይባላል፤ ስለዚህ ፍጥነቱ ራሱ ፈተና ነው።

ዕውቀቱ በሰው ጣትና በሰው ትውስታ ብቻ የሚኖር መሆኑ ውበቱም ድክመቱም ነው። ነፋስ ሲነፍስ ሥዕሉ ይሄዳል፤ መልሶ የሚሥለው ሰው እስካለ ድረስ ግን ምንም አልጠፋም። ሰውየው የሄደ ጊዜ ነው ችግሩ። ከ1975 እስከ 2002 ድረስ በመሃል እረፍት እየወሰደ የዘለቀው የአንጎላ የእርስ በርስ ጦርነት ሉንዳንና ሞሺኮን ክፉኛ መታ፤ አልማዙ የዩኒታ አማፂ ተዋጊዎች የመሣሪያ መግዣ ነበርና ማዕድኑ ባለበት ሁሉ ውጊያው በረታ። ብዙ ሺህ ሰው ድንበር ተሻግሮ በዛምቢያ መሄባ የስደተኞች ሰፈር ለዓመታት ኖረ። የሶና አዋቂና ሊማር የሚገባው ልጅ በተለያየ አገር ሲያድሩ የሚያገናኛቸው አሸዋ አይገኝም። በ2023 ታኅሣሥ ላይ ዩኔስኮ በቦትስዋና ካሳኔ ባደረገው ጉባኤ ሶናን በአንጎላ ስም መዘገበ። ጥሩ ነው። መዝገቡ ግን ማንንም ልጅ ከማንም ሽማግሌ ጎን አያስቀምጥም።

ስለ ጦርነቱ ካነሣን ሙዚየሙም አልተረፈም። ከዱንዶ ስብስብ ብዙ ዕቃ ተዘርፎ በአውሮፓ ገበያ ላይ ወጣ። ሙዚየሙ ታድሶ እንደገና የተከፈተው በ2012 ነው። የተዘረፈውን ለማስመለስ የተነሣው ደግሞ ያልተጠበቀ ሰው ነበር፦ ሲንዲካ ዶኮሎ፣ ኮንጎአዊ ባለሀብትና ሰብሳቢ፣ የያኔው የአንጎላ ፕሬዚዳንት ዦዜ ኤድዋርዶ ዶስ ሳንቶስ ልጅ የኢዛቤል ባል። ፋውንዴሽኑ ከዱንዶ የወጡ ዕቃዎችን በየነጋዴው ቤት እያሳደደ ሁለት የፕዎ ጭምብሎችንና አንድ ምስል በ2016 መጀመሪያ ለአማቱ አስረከበ። ፎቶው በየዓለሙ ዞረ፤ አፍሪካ ቅርሷን ማስመለስ እንደምትችል ምሳሌ ተደርጎም ተጠቀሰ።

በዚያው ዓመት መጀመሪያ በሉንዳ ኖርቴ ክፍለ አገር ከሉሎ ማዕድን 404 ካራት የሚመዝን አልማዝ ወጣ። ድንጋዩን ዴ ግሪሶጎኖ የሚባለው የስዊዝ ጌጣጌጥ ቤት ወስዶ የአንገት ሐብል አደረገው፤ ኅዳር 2017 በጄኔቫ ጨረታ ወደ 34 ሚሊዮን ዶላር ተሸጠ። ዴ ግሪሶጎኖን በ2012 የገዙት የአንጎላ መንግሥት የአልማዝ ሽያጭ ኩባንያና ይኸው ሲንዲካ ዶኮሎ በሽርክና ነበር። በ2020 ሾልከው የወጡት ሰነዶች ስለዚያ ግዥ ብዙ ጥያቄ አስነሡ፤ ባልና ሚስቱ ክሱን አልተቀበሉም፤ እሱም በዚያው ዓመት ጥቅምት ዱባይ ላይ ሞተ። ጭምብሎቹን የመለሰው በቅን ልቦና አይደለም ማለቴ አይደለም፤ የጥበብ ፍቅሩ እውነተኛ እንደነበር የሚያውቁት ይመሰክራሉ። እኔን የሚያስገርመኝ ነገሩ ሁሉ ከ1936ቱ አሠራር ጋር መመሳሰሉ ነው። ጭምብሉ ይመጣል፣ ድንጋዩ ይሄዳል፣ ሁለቱንም የሚያንቀሳቅሰው አንድ እጅ ነው፤ የሉንዳ መንደር ደግሞ በሁለቱም ውሳኔ ላይ አልተጠየቀም።

መንግሥትም ከዚህ ብዙ አይርቅም። አንጎላ ውስጥ ከሁሉ የሚታወቀው የቾክዌ ምስል «አሳቢው» ነው፤ ራሱን በሁለት እጁ ይዞ ጉልበቱ ላይ አቀርቅሮ የተቀመጠ ሽማግሌ። ዘሩ የጥንቆላ ዕቃ ነው፤ ንጎምቦ በሚባለው ቅርጫት ውስጥ ከአጥንት፣ ከፍሬና ከትንንሽ የእንጨት ምስሎች ጋር እየተናጠ የሕመምን ወይም የሌብነትን ምክንያት የሚያመለክት። ዛሬ የአገር ምልክት ሆኖ በገንዘብ ኖት ላይ ታትሟል፣ በየአውሮፕላን ጣቢያው ይሸጣል። ከዚያው ቅርጫት የወጣው ጥበብ ግን በየቤተ ክርስቲያኑ «የሰይጣን ሥራ» ተብሎ ይወገዛል። ምስሉ ዋና ከተማዋ ሉዋንዳ ላይ ይከበራል፣ ባለቤቱ ሰፈሩ ላይ ያፍርበታል።

ወደ መሬቱ እንመለስ። ከሳውሪሞ ከተማ አቅራቢያ ያለው ካቶካ በዓለም ከትልልቆቹ የአልማዝ ማዕድኖች አንዱ ነው፤ በ2023 ኅዳር ደግሞ ሉዌሌ የሚባል ሌላ ግዙፍ ማዕድን ተመረቀ። በ2021 ሐምሌ መጨረሻ ከካቶካ የዝቃጭ ግድብ የፈሰሰ ነገር ቺካፓንና ካሳይን ወንዞች ቀይ አድርጎ ወደ ኮንጎ ወረደ፤ የኮንጎ መንግሥት 12 ሰዎች እንደሞቱና ከ4,400 በላይ እንደታመሙ ተናገረ። ከወንዙ ላይም ታችም ቾክዌ አለ፤ ላይም ይጠጣል ታችም ይጠጣል። በዚያው ዓመት ጥር 30 ቀን በካፉንፎ ከተማ፣ የሉንዳ ቾክዌን የራስ አስተዳደር የሚጠይቅ ንቅናቄ ደጋፊዎች ላይ ፖሊስ ተኮሰ። መንግሥት ሟቾቹን ስድስት አለ፤ የሰብአዊ መብት ድርጅቶች ቁጥሩ ከዚያ ይበልጣል አሉ። የንቅናቄውን ጥያቄ መደገፍ ግድ አይደለም፤ ነገር ግን ሙካንዳ ጫካ ይፈልጋል፣ ጫካው ደግሞ የማዕድን ፈቃድ ክልል ሲሆን አጥር ይታጠርበታል። ይህን የማያነሣ የባህል ፖሊሲ ስለ ጭፈራ ብቻ ነው የሚያወራው።

ቋንቋውም የራሱ ታሪክ አለው። ፖርቱጋል በ1921 ባወጣችው አዋጅ የአገሬውን ቋንቋዎች ከሚሲዮን ትምህርት ቤት አስወጣች። ልጅነቱን በዚያ ትምህርት ቤት ያሳለፈ ትውልድ ለልጁ ፖርቱጋልኛ ቢያስቀድም አይፈረድበትም፤ ሥራ የሚያስገኘው እሱ ነበርና። በ2014ቱ ቆጠራ ከአንጎላ ሕዝብ 71 በመቶው ፖርቱጋልኛ በቤቱ እንደሚናገር ሲገለጽ፣ የቾክዌ ቋንቋ ተናጋሪ ከ7 በመቶ በታች ነበር። ደስ የሚያሰኘው ቋንቋው ሙዚየም ያልገባበት ቦታ መኖሩ ነው፤ ዘፈን። ጋብሪየል ቺየማን የመሳሰሉ ድምፃውያን የሉንዳን ቺያንዳ ጭፈራ በጊታርና በዘመናዊ ባንድ እየተጫወቱ በቾክዌ ይዘፍናሉ። ማንም ተቋም አላዘዛቸውም። ወንበሩን ተቀብሎ የራሱ ያደረገው የድሮ ጠራቢ ቢሰማቸው ዘመዶቼ ናቸው የሚል ይመስለኛል።

ታዲያ ምን ይደረግ የሚል ሰው የቸገረው ገንዘብ እንዳይመስለው። አልማዙ አለ። የሚጎድለው ውሳኔው ያለበት ቦታ ነው። በሳውሪሞና በሞሺኮዋ ሉዌና ያሉ ትምህርት ቤቶች የዓመቱን የቀን መቁጠሪያ ከሙካንዳ ጋር እንዲያስታርቁ ሥልጣኑ ቢሰጣቸው፣ ሁለት ተከታታይ ወር እንኳን ለልጆቹ ቢለቀቅ፣ ከስንት ፌስቲቫል ይበልጣል። የሶና አዋቂው የመምህርነት ዲፕሎማ ስለሌለው ክፍል መግባት የማይችል ከሆነ ዲፕሎማውን የሚጠይቀው ደንብ ይሻሻል፤ የሒሳብ መምህሩ ትልቁን የጋራ አካፋይ በሰሌዳ ላይ ሲያስተምር ሽማግሌው በግቢው አሸዋ ላይ ያሳየው። የዱንዶ ሙዚየም ያስቀዳቸው ዘፈኖች፣ የተነሡት ፎቶዎች በፖርቱጋል ኮይምብራ ዩኒቨርሲቲ ጭምር በዲጂታል መልክ ወጥተዋል፤ እነዚያ ፋይሎች በሉንዳ መንደሮች ስልክ ላይ የሚሰሙ ሆነው የዘፋኞቹ የልጅ ልጆች ስማቸውን ቢያርሙባቸው፣ ታሪኩን ቢጨምሩባቸው ሙዚየሙ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሰጪ ጋር ተቀባይም ይኖረዋል። የማዕድን ፈቃድ ሲሰጥም የሙካንዳ ጫካና የአለቆች መቃብር የትኛው እንደሆነ ቀድሞ ይጠየቅ፤ ይህንን ጥያቄ የመንግሥት የአልማዝ ኩባንያው ኤንዲያማም ሆነ መንግሥት ራሱ በአንድ ገጽ ቅጽ ሊያስገባው ይችላል፣ መልሱን የሚያውቁት ደግሞ ሰፈሩ ውስጥ በሕይወት አሉ።